የፊልም ውሻ ጎበዝ፣ የሰፈር ውሻ ክፉ የሆነው ለምንድን ነው?

የዛሬው ጽሑፌ ስለ ውሻ ነው። «ስለ ውሻ ደግሞ ምን ይጻፋል?» እንዳትሉ። ብዙ የሚጻፍ ነገር አለው።

ክበባችን ባስቀመጠው የጥያቄ ሳጥን ውስጥ የሚከተለው ጥያቄ ገብቶ አገኘን። «ፊልም ላይ የማየው ጀርመን ሸፐርድ ሰው ያድናል፣ ሌባ ይይዛል፣ ከልጆች ጋር ይጫወታል። የኛ ሰፈር ውሻ ግን ከትምህርት ቤት ስመለስ ያባርረኛል። የፈረንጅ ውሻ ጎበዝ፣ የኛ ውሻ ክፉ የሆነው ለምንድን ነው?» ጠያቂው ስሙን አልጻፈም። ጥያቄው ግን የብዙዎቻችን ስለሆነ መልሱን እንዳዘጋጅ ክበቡ ለኔ ሰጠኝ። እኔም መምህራንን ጠይቄ፣ አንብቤ ያገኘሁትን እነሆ ብያለሁ።

አጭሩ መልስ ይህ ነው። ጀርመን ሸፐርድም በአንድ ወቅት «ክፉ ውሻ» ይባል ነበር። ስሙን ካደሱለት ነገሮች ዋናው ፊልም ነው። የኛን ውሻ ሥራውን ይዞ በፊልም ያሳየን ሰው ግን እኔ እስካሁን አላየሁም። ስለዚህ የምናውቀው ሲነክስ ብቻ ነው።

ረጅሙን መልስ ደግሞ በየተራ እናየዋለን።

፩. ስሙ የጠፋው ጀርመን ሸፐርድ

«ሸፐርድ» ማለት እረኛ ማለት ነው። ጀርመን ሸፐርድ እንግዲህ «የጀርመን እረኛ» እንደ ማለት ነው። መጀመሪያ የተረባው በግ እንዲጠብቅ ነው። ፍየልና በግ የምንጠብቅ የዋግ ልጆች የሥራ ባልደረባችን ልንለው እንችላለን!

አንደኛው የዓለም ጦርነት ሲነሳ ግን ነገሩ ተበላሸ። ጀርመኖች ይህን ውሻ በጦር ሜዳ ተጠቀሙበት። በዚህም ምክንያት እንግሊዞች «ጀርመን» የሚለውን ስም ከውሻው ላይ አንስተው «አልሴሽያን» አሉት። አሜሪካኖችም «ጀርመን» የሚለውን ቃል ፍቀው «እረኛ ውሻ» ብቻ ብለው መዘገቡት። አውስትራሊያ ደግሞ እ.ኤ.አ. በ1929 ዝርያው ወደ ሀገሯ እንዳይገባ ከለከለች። ከዱር ውሾቻችን ጋር ተዳቅሎ በጎቻችንን ይጨርሳል ብለው ፈሩ። እገዳው ከ40 ዓመት በላይ ቆየ። እስቲ አስቡት፣ በግ እንዲጠብቅ የተረባ ውሻ በግ ይጨርሳል ተብሎ ታገደ!

በዚያው ጦርነት መጨረሻ፣ እ.ኤ.አ. በ1918፣ ሊ ዱንካን የሚባል አሜሪካዊ ወታደር ፈረንሳይ ውስጥ በቦምብ በፈራረሰ የውሾች ማደሪያ ውስጥ አንዲት እናት ውሻ ከነቡችሎቿ አገኘ። ከቡችሎቹ አንዱን ሪንቲንቲን ብሎ ስም አወጣለትና ወደ አሜሪካ ይዞት ሄደ። አሠለጠነው። ሪንቲንቲን ከ1920ዎቹ መጀመሪያ ጀምሮ በፊልም መሥራት ጀመረ። በ1932 እስኪሞት ድረስ ከ20 በላይ ፊልሞች ላይ ታየ።

በፊልሞቹ ላይ ገደል ይዘላል፣ የተበደለ ሰው ያድናል፣ ጌታውን አይከዳም። ሕዝቡ እየተሰለፈ አየው። በጦርነቱ ጊዜ የጠላት ውሻ ያለው ሰው ሁሉ ያንን ውሻ እቤቱ ማሳደግ ፈለገ። አሜሪካኖች በ1931 «ጀርመን» የሚለውን ስም መለሱለት። ፊልሙ ብቻውን ሁሉንም አደረገ አልልም። ግን የሰው ዓይን እንዲለወጥ ትልቅ በር ከፍቷል። ውሻው እኮ ያው ነው! የተለወጠው የሚወራለት ታሪክ ነው።

፪. አንድ ዝርያ፣ ሁለት ፊልም

ሁለተኛው ምሳሌ ሴንት በርናርድ የሚባለው ግዙፍ ውሻ ነው። ስሙን ያገኘው ስዊዘርላንድና ጣሊያን ድንበር ላይ፣ 2,469 ሜትር ከፍታ ላይ ከሚገኝ ገዳም ነው። የገዳሙ መነኮሳት በበረዶ ውስጥ የጠፉ መንገደኞችን በእነዚህ ውሾች እየፈለጉ ያድኑ ነበር። ባሪ የሚባለው አንዱ ውሻቸው ብቻውን ከ40 በላይ ሰዎች እንዳዳነ ይነገራል።

እ.ኤ.አ. በ1983 «ኩጆ» የሚባል ፊልም ወጣ። ታሪኩ አንድ ሴንት በርናርድ በእብድ ውሻ በሽታ ተይዞ እናትና ልጅን መኪና ውስጥ አግቶ ሲያስጨንቅ የሚያሳይ ነው። አስፈሪ ፊልም ነው። በ1992 ደግሞ «ቤትሆቨን» የሚባል ፊልም ወጣ። ይህንንኛውን ብዙዎቻችሁ ሳታዩት አትቀሩም። እዚህ ላይ ያው ዝርያ ቤት የሚያበላሽ፣ አልጋ ላይ የሚተኛ፣ ልጆችን የሚወድ አስቂኝ ውሻ ነው።

ኩጆን ብቻ ያየ ልጅ ሴንት በርናርድን ቢያገኝ ይሸሻል። ቤትሆቨንን ብቻ ያየ ልጅ ደግሞ ሮጦ ሊያቅፈው ይችላል። ሁለቱም ተሳስተዋል፤ ሁለቱም ያዩት ፊልም እንጂ ውሻውን አይደለም።

፫. ከካሜራው ጀርባ ምን አለ?

ፊልም ላይ የምናየው ውሻ በቀን ከሌት ሥልጠና ውስጥ ያለፈ ነው። ካሜራው የማያሳየው አሠልጣኝ ከጎን ቆሞ በእጁ ምልክት ይሰጠዋል። በሪንቲንቲን ዘመን አብዛኞቹ ፊልሞች ድምፅ ስላልነበራቸው አሠልጣኙ እየጮኸ ማዘዝ ይችል ነበር፤ ተመልካቹ አይሰማውም። አንድ ትዕይንት ደጋግሞ ይቀረጻል፣ የተበላሸው ይቆረጣል። ብዙ ጊዜም አንድ ውሻ የምንለው ሦስትና አራት ተመሳሳይ ውሾች ተቀያይረው የሠሩት ነው።

በኩጆ ፊልም የሠሩት ውሾች ተናደው እንዲታዩ ሲፈለግ በደስታ ጭራቸውን እየቆሉ አስቸግረው፣ ጭራቸው እንዳይታይ ታስሮ ነበር ይባላል። ያ ሁሉ አስፈሪ ነገር ለውሾቹ ጨዋታ ነበር ማለት ነው።

ፊልም መልካም ስም ሲሰጥም ጉዳት ሊያመጣ እንደሚችል መርሳት የለብንም። «101 ዳልሜሽኖች» የሚለው ፊልም እ.ኤ.አ. በ1996 እንደገና ተሠርቶ ሲወጣ፣ አሜሪካ ውስጥ ብዙ ቤተሰብ ለልጆቹ ነጠብጣቡን ውሻ ገዛ። ዳልሜሽን ግን ብዙ ሩጫ የሚፈልግ ውሻ ነው። ቤት ውስጥ ሲቸገሩበት ብዙዎቹ ወደ ውሾች መጠለያ ወስደው ጣሉት። ስለዚህ ለውሻ የሚጠቅመው ቆንጆ ሆኖ መታየቱ ሳይሆን እውነቱ መታየቱ ነው።

፬. ክፉ ዝርያ የሚባል አለ?

እ.ኤ.አ. በ2022 «ሳይንስ» በተባለው መጽሔት አንድ ትልቅ ጥናት ወጥቶ ነበር። ተመራማሪዎቹ ከ18,000 በላይ የውሻ ባለቤቶችን ስለ ውሾቻቸው ጠባይ ጠየቁ። ከ2,000 በላይ ውሾችን ደግሞ በዘረመል መረመሩ። ያገኙት ውጤት የሚገርም ነው። በውሻና በውሻ መካከል ካለው የጠባይ ልዩነት ውስጥ ዝርያ የሚያስረዳው 9 ከመቶ ገደማ ብቻ ነው። ቀሪው ከእያንዳንዱ ውሻ ተፈጥሮ፣ ከአስተዳደጉና ከኑሮው የሚመጣ ነው።

ይህ ማለት ዝርያ ምንም አይደለም ማለት አይደለም። ትልቅ ውሻ ሲነክስ ከትንሽ ውሻ የበለጠ ይጎዳል። ግን ዝርያውን አይቶ «ይሄ ጨዋ ነው፣ ያ ክፉ ነው» ማለት አይቻልም። የሰውን ልጅ በሰፈሩ ስም ብቻ እንደ መፍረድ ነው።

፭. የኛ ውሻስ?

አሁን ወደ ጠያቂያችን እንመለስ። የኛ ውሻ የዝርያ ስም የለውም። «የአበሻ ውሻ» ብለን እናልፈዋለን። ሥራው ግን ቀላል አይደለም። በዋግ ገጠር ቤት ሁሉ ፍየልና በግ አለ። ሌሊት ጅብ ይመጣል፣ ቀበሮ ግልገል ያያል። ሰው ሲተኛ በረቱን የሚጠብቀው ውሻ ነው። ጠዋት ፍየሎቹ ተቆጥረው ሲሞሉ ግን ማንም «ውሻው ጎበዝ» አይልም። አንድ ቀን ሰው ከነከሰ ግን ሰፈሩ ሁሉ ይሰማል።

«ውሻ በበላበት ይጮኻል» የሚለውን ተረት ሰው ለመስደብ እንጠቀምበታለን። እኔ ግን ሳስበው ለውሻው ምስጋና ነው። ያበላውን ቤት ይጠብቃል ማለት ነዋ!

ታዲያ ለምን ያባርረናል? ምክንያቶቹ የሚከተሉት ናቸው።

አንደኛ፣ የተሰጠው ሥራ ነው። የማያውቀውን ሰው ከበሩ ማራቅ እንዳለበት ነው የሚያውቀው። እኛ በአጥሩ ሥር ስናልፍ ለሱ እንግዳ ነን።

ሁለተኛ፣ ስንሮጥ ይከተላል። የሚሮጥን ነገር ማሳደድ የውሻ ተፈጥሮ ነው። ብንቆም ብዙ ጊዜ እሱም ይቆማል።

ሦስተኛ፣ ከኛ የተማረው ነገር አለ። አንድ ነገር አስተውላችሁ ታውቃላችሁ? ድንጋይ ባይኖርም እንኳ ጎንበስ ስትሉ ውሻው ይሸሻል። ማን አስተማረው? ድንጋይ የወረወርንበት እኛ ነን። ዩኒፎርም የለበሰ ልጅ ሁሉ ድንጋይ ወርዋሪ መስሎ ከታየው አይፈረድበትም። እኛ በአንድ ውሻ ምክንያት ውሻን ሁሉ እንደምንፈራው፣ እሱም በአንድ ልጅ ምክንያት ልጅን ሁሉ ይፈራል።

አራተኛ፣ ቀኑን ሙሉ በአጭር ገመድ ታስሮ፣ ውኃ ሳያገኝ ፀሐይ ላይ የሚውል ውሻ ይናደዳል። ጀርመን ሸፐርድም እንዲህ ቢያድር ያው ነው የሚሆነው።

ስለዚህ ወንድሜ ወይም እህቴ፣ ፊልም ላይ ያየኸው ወይም ያየሽው ውሻ የተሻለ ፍጥረት ስለሆነ አይደለም። ያስተማረው ሰው ስላለ፣ ያሳየውም ሰው ስላለ ነው።

፮. በምስል ስሙ እየተመለሰ ያለው የክልላችን እንስሳ

ከውሻ ዘመዶች መካከል በወሬ ስሙ የጠፋ፣ በፎቶና በፊልም ግን እየተመለሰ ያለ አንድ አለ። ቀይ ቀበሮ ነው። በዓለም ላይ ከኢትዮጵያ ውጪ የትም አይገኝም። በክልላችን በሰሜን ተራሮች፣ በመንዝ ጓሳ፣ ከላሊበላ በላይ ባለው በአቡነ ዮሴፍ ተራራ ይኖራል። በብዛት ያለው ደግሞ በባሌ ተራሮች ነው። ሁሉም ተደምረው ለአካለ መጠን የደረሱት ከ500 አይበልጡም። እኛ ቀበሮ እንበለው እንጂ፣ በዘረመል ሲመረመር ለተኩላ የቀረበ ሆኖ ተገኝቷል።

ደጋ ላይ ብዙ እረኞች በግ በላ ብለው ይጠሉታል። አልፎ አልፎ ግልገል ሊወስድ ይችላል፤ ይህን መካድ አይገባም። ዋና ምግቡ ግን አይጥና የአይጥ ዘመዶች ናቸው። በጓሳ የተደረገና በ2015 እ.ኤ.አ. የወጣ ጥናት እንደሚያሳየው፣ ቀይ ቀበሮ በጭላዳ ዝንጀሮ መንጋ መካከል እየተዘዋወረ አይጥ ያድናል። የጭላዳዎቹን ግልገሎች ግን አይነካም። በመንጋው መካከል ሲያድን ከ100 ሙከራ 67ቱ ይሳካለታል፤ ብቻውን ሲሆን ግን 25ቱ ብቻ።

በ2024 እ.ኤ.አ. ደግሞ ከባሌ የወጣ ፎቶ ዓለምን አስገረመ። ቀይ ቀበሮ ረጅሙን ቀይና ቢጫ የደጋ አበባ በምላሱ እየላሰ ወለላውን ሲቀምስ ታየ። አፍንጫው በአበባው ዱቄት ቢጫ ሆኗል። አንዳንዱ በአንድ ዙር እስከ 30 አበባ ይጎበኛል። ተመራማሪዎቹ ምናልባት እንደ ንብ የአበባ ዱቄት ከአበባ ወደ አበባ ያደርሳል ይላሉ። ለኛ ለማር አገር ልጆች ይህ ቀላል ነገር አይደለም! ያንን ፎቶ ያየ ሰው ቀይ ቀበሮን «በግ በላ» ብቻ ብሎ ለማለፍ ይቸግረዋል።

ቀይ ቀበሮን የሚያሰጋው ትልቁ ነገር ከጥይትም በላይ በሽታ ነው። ካልተከተቡ ውሾች የሚተላለፍ የእብድ ውሻ በሽታ ባሌ ላይ በተደጋጋሚ ብዙ ቀበሮዎችን ፈጅቷል። ለዚህ ነው ከ1995 እ.ኤ.አ. ጀምሮ የሚሠራው የቀይ ቀበሮ ጥበቃ ፕሮግራም የገበሬውን ውሾች የሚከትበው። የገበሬው ውሻ ሲከተብ ቀበሮው ይድናል፣ የገበሬው ልጅም ይድናል።

፯. ፍርሃታችን ከንቱ አይደለም

እስካሁን ለውሻ ጠበቃ ስቆም ቆይቻለሁ። ግን ውሻ አይፈራም አላልኩም። የእብድ ውሻ በሽታ ምልክቱ በሰው ላይ ከታየ በኋላ መዳን የለም ማለት ይቻላል። በሰው ላይ ከሚደርሰው 99 ከመቶው የሚመጣው በውሻ ንክሻ ነው። ስሙ «የእብድ ውሻ» ይባል እንጂ ድመትም፣ አህያም፣ ላምም ይያዛሉ። ደስ የሚለው ነገር ከምልክቱ በፊት መከላከል ይቻላል። ሉዊ ፓስተር የሚባል ፈረንሳዊ ሳይንቲስት ክትባቱን በሰው ላይ የሞከረው እ.ኤ.አ. በ1885 ነው።

ስለዚህ የሚከተሉትን በደብተራችሁ ጻፏቸው።

1. ውሻ ሲመጣባችሁ አትሩጡ። እጃችሁን ዝቅ አድርጋችሁ ቁሙ። ዓይን ዓይኑን አትዩት። ሲረጋጋ በዝግታ ራቁ።
2. የሚበላን፣ የታሰረን ወይም ቡችሎች ያሏትን ውሻ አትንኩ። ታናናሾቻችሁንም ተቆጣጠሩ።
3. ከነከሳችሁ ወይም ከቧጨራችሁ ቁስሉን ወዲያው በሳሙናና በሚፈስ ውኃ 15 ደቂቃ እጠቡ። በርበሬ፣ አመድ፣ ቅጠል አታድርጉበት።
4. «ትንሽ ናት» ብላችሁ ከወላጅ አትደብቁ። በዚያው ቀን ጤና ጣቢያ ሂዱ። ጠበል መሄድ የሚፈልግ ይሂድ፤ ግን መጀመሪያ ይታጠብ፣ ክትባቱንም ይጀምርና እስከ መጨረሻው ይከተብ።
5. የነከሰውን ውሻ ወዲያው በድንጋይ አትግደሉ። ትልልቅ ሰዎች በጥንቃቄ አስረው 10 ቀን ቢከታተሉት ይታወቃል። ጠባዩ ከተለወጠ፣ ለሃጩ ከተዝረከረከ፣ ድምፁ ከጎረነነ ለእንስሳት ጤና ባለሙያ ይነገር።
6. የቤታችሁን ውሻ በየዓመቱ አስከትቡ። በአንድ አካባቢ ካሉት ውሾች 70 ከመቶው ከተከተቡ የበሽታው መተላለፍ ይቋረጣል።

፰. እኛ ምን እናድርግ?

ፊልም የሚሠራ ካሜራ የለንም። ማይክራፎን ግን አለን፣ ይህ መጽሔት አለን፣ የሰልፍ ሜዳ አለን። ስለዚህ ለክበባችን የሚከተለውን ሐሳብ አቅርቤአለሁ፤ እናንተም አስተያየታችሁን በጥያቄ ሳጥኑ አስገቡ።

በመጀመሪያ «የሰፈሬ ውሻ» የሚል አምድ ይከፈት። እያንዳንዱ ተማሪ ስለሚያውቀው አንድ ውሻ ስሙን፣ ምን እንደሚጠብቅ፣ ምን እንደሚያስፈራው ይጻፍ። ስዕል የሚችሉ ይሳሉት።

ሁለተኛ፣ ከላይ ያሉትን ስድስት ነጥቦች ድራማ አድርገን በዕረፍት ሰዓት ብናሳይ የአንደኛና የሁለተኛ ክፍል ልጆችም ይገባቸዋል። ውሻ ሆኖ የሚሠራ ተዋናይ አናጣም!

ሦስተኛ፣ መምህሮቻችን ከእንስሳት ጤና ባለሙያዎች ጋር ተነጋግረው ስለ ክትባት እንዲያስተምሩን እንጠይቅ። የዓለም የእብድ ውሻ በሽታ መከላከያ ቀን እ.ኤ.አ. ሴፕቴምበር 28 ነው፤ ፓስተር ያረፈበት ቀን ነው። በኛ አቆጣጠር ብዙ ጊዜ መስከረም 18፣ የመስቀል ማግስት ይውላል። ትምህርት ሲጀመር ስለሆነ ለክበባችን ጥሩ ቀን ነው።

የቤተሰብ ስልክ የምትይዙ ደግሞ አንድ ነገር ልለምናችሁ። ውሻ ሰው ሲነክስ የሚያሳይ ቪዲዮ በአንድ ቀን ከስልክ ወደ ስልክ ይዳረሳል። ሌሊቱን በረት ሲጠብቅ ያደረን ውሻ ግን የሚቀርጸው የለም። እናንተ እሱን ቅረጹ። ለቪዲዮ ብላችሁ ውሻ አትነካኩ፣ አታናድዱ። ከሩቅ ሆናችሁ ከፍየሎቹ ጋር ሲወጣ፣ ከእረኛው ጋር ጥላ ሥር ሲያርፍ አንሱት። አውስትራሊያኖች በግ ጠባቂውን ውሻ በግ ይጨርሳል ያሉት ሥራውን አይተው ሳይሆን ወሬ ሰምተው ነው። እኛ ግን በየጠዋቱ ፍየል የምንቆጥር ልጆች ስለሆንን ሥራውን እናውቃለን፣ ልንመሰክርለትም ይገባል።

በሉ እንግዲህ፣ በሚቀጥለው እትም በሌላ ጥያቄ እስክንገናኝ ድረስ ቸር ሰንብቱ። ድንጋዩንም አስቀምጡት።

ከ8ኛ ክፍል፣ የሚኒ ሚዲያ ክበብ አባል